ቀኝ አክራሪዎች እንዴት ሥልጣን ይደርሳሉ? ከደሴ ሆኖ ለሚጠይቅ

የወሎ ልጅ ሲሰደድ አብዛኛውን ጊዜ የሚያመራው ወደ አረብ አገር ነው። አውሮፓ የዘለቀውም ግን ቀላል አይደለም። ለዚህ ነው ጀርመን ወይም ፈረንሳይ ምርጫ በተደረገ ቁጥር ደሴ ፒያሳ ቡና ላይ ወሬው የሚደራው። “ስደተኛ የሚጠሉት አሸነፉ አሉ፤ ልጆቻችንን ሊያባርሩ ነው?” ይባላል። አንዱ “አብሽር፣ ምንም አይመጣም” ይላል። ሌላው ቲክቶክ ላይ ያየውን እየጠቀሰ ሰዉን ሻንጣ ያስይዘዋል። ሁለቱም ልክ አይመስሉኝም። ነገሩ ከሁለቱም ወሬ ይወሳሰባል፤ ግን ሊገባን የማይችል አይደለም።

አንድ ማሳሰቢያ፦ ዓመቶቹን በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጽፈው። በእኛ ሲሆን ዓ.ም. እላለሁ።

መጀመሪያ ስለማን እንደምናወራ እንለይ። ቀኝ ዘመም የሆነ ሁሉ ቀኝ አክራሪ አይደለም። ግብር ይቀነስ፣ መንግሥት ንግድ ውስጥ እጁን አያብዛ፣ ቤተሰብና ሃይማኖት ይከበር የሚል ፓርቲ ተራ ወግ አጥባቂ ነው። የቀድሞዋ የጀርመን መሪ የአንጌላ ሜርክል ፓርቲ እንዲህ ያለ ነበር፣ ነውም። ቀኝ አክራሪው ከዚህ አልፎ ይሄዳል። አገሪቱ የ“እውነተኛው” ሕዝብ ብቻ ናት፤ ሌላው እዚያው ቢወለድ እንኳ እንግዳ ነው ይላል። ለችግር ሁሉ ተጠያቂው መጤውና መጤውን ያስገባው የላይኛው ክፍል ነው ይላል። ፍርድ ቤቱ፣ ጋዜጠኛው፣ የአናሳዎች መብት የሚባለው ደግሞ የሕዝቡን ፈቃድ የሚያሰናክል ነገር ሆኖ ይታየዋል። መጤና ነባር እያሉ ሰውን መክፈል ለእኛም አገር አዲስ ስላልሆነ፣ ይህን ለማስረዳት ብዙ መድከም ያለብኝ አይመስለኝም።

በጎራው ውስጥም ልዩነት አለ። አንደኛው ወገን ምርጫን ይቀበላል። የማይወደው አሸናፊውን የሚገድቡ ሕጎችን ነው። ሁለተኛው ወገን ዴሞክራሲው ራሱ ይፍረስ የሚል፣ ናዚን የሚናፍቅ፣ አንዳንዴም መሣሪያ የሚያነሳ ነው። ፓርላማ ውስጥ የምናያቸው በብዛት የመጀመሪያዎቹ ናቸው። አንዳንዶቹ ግን ከሁለተኛው ሠፈር ተነስተው ነው እዚህ የደረሱት። የስዊድን ዴሞክራቶች የሚባለው ፓርቲ በ1988 ሲመሠረት ከመሥራቾቹ መካከል የናዚ ርዝራዦች ነበሩበት። በ2010 ፓርላማ ገባ። በ2022 20.5 በመቶ ድምፅ አግኝቶ የአገሪቱ ሁለተኛ ፓርቲ ሆነ።

የጀርመኑ ደግሞ ሌላ መንገድ ነው የመጣው። “አማራጭ ለጀርመን” የሚባለው ፓርቲ በ2013 ሲቋቋም ዋና ጩኸቱ ስደተኛ አልነበረም። “የእኛ ገንዘብ ለምን ለግሪክ ዕዳ ይውላል?” የሚል ነበር። ያን ዓመት 4.7 በመቶ አገኘ። እዚያ ፓርላማ ለመግባት 5 በመቶ ያስፈልጋልና ለጥቂት ቀረ። በ2015 ወደ 890 ሺህ የሚጠጉ ጥገኝነት ጠያቂዎች ጀርመን ገቡ፤ ብዙዎቹ ከሶሪያ ጦርነት የሸሹ ናቸው። ፓርቲው አጀንዳውን አገኘ። በ2017 12.6 በመቶ፣ በፌብሩዋሪ 2025 ደግሞ 20.8 በመቶ ሆነ።

ከዚህ ተነስቶ “ስደተኛ ስለበዛ ነው” ማለት ይቀላል። እስኪ የጀርመንን ካርታ እንይ። ፓርቲው እጅግ የጠነከረው በቀድሞዋ ምሥራቅ ጀርመን ነው። በሴፕቴምበር 2024 ቱሪንጂያ በምትባለው ክልል 32.8 በመቶ አግኝቶ አንደኛ ወጣ። ይህ አካባቢ ግን ከምዕራቡ ጋር ሲነጻጸር የውጭ ዜጋ ጥቂት የሆነበት ነው። የውጭ ሰው በብዛት በሚኖርባቸው ትላልቅ የምዕራብ ከተሞች ፓርቲው ደካማ ነው። ታዲያ ምንድን ነው?

ኮምቦልቻ ያለ አንባቢ ከሌላው ቀድሞ የሚገባው ታሪክ እዚህ አለ። በ1990 ሁለቱ ጀርመኖች ሲዋሃዱ፣ ትሮይሃንድ የሚባል አንድ ተቋም የምሥራቁን የመንግሥት ድርጅቶች ተረከበ። ወደ 8 ሺህ 500 ድርጅቶች፣ ወደ 4 ሚሊዮን ሠራተኞች ማለት ነው። በአራት ዓመት ገደማ ውስጥ አብዛኛው ተሸጠ ወይም ተዘጋ። በአንድ ፋብሪካ ዙሪያ የቆመ ከተማ ፋብሪካው ሲዘጋ ምን እንደሚሆን ኮምቦልቻ ላይ ማስረዳት አያስፈልግም። ሠራተኛው ብቻ አይደለም የሚጎዳው። ቤት አከራዩ፣ ባጃጅ ነጂው፣ ሻይ ቤቷ አብረው ይቀዘቅዛሉ። በ2022 መባቻ ኢትዮጵያ ከአጎዋ፣ ማለትም ዕቃን ያለ ቀረጥ አሜሪካ ከሚያስገባው ዕድል፣ ስትሰረዝ፣ ዋሽንግተን ላይ የተፈረመ ወረቀት ኢንዱስትሪ ፓርክ ውስጥ የምትሰፋን ልጅ እንጀራ እንደሚነካ አይተናል።

የምሥራቅ ጀርመን ወጣት፣ በተለይ ሴቶቹ፣ ሥራ ፍለጋ ወደ ምዕራብ ሄዱ። ሽማግሌውና ጠንካራ ቅሬታው ቀሩ። መንግሥት በኋላ ብዙ ገንዘብ አፈሰሰ፤ መንገዱም ሕንፃውም አማረ። “ሁለተኛ ዜጋ ነን” የሚለው ስሜት ግን አልወጣም። ከዚያ 2015 መጣና “ለእኛ የለም ያሉት ገንዘብ ለመጤ ከየት መጣ?” የሚል ሰው ተነሳ። ስደተኛው የቅሬታው ሁሉ መንስኤ አይደለም፤ ቅሬታው የሚጠራበት ስም ሆነ እንጂ።

ድህነት ብቻውን ግን አያስረዳውም። ስዊድን፣ ኦስትሪያና ሆላንድ ከዓለም ሀብታም አገሮች መካከል ናቸው፤ ቀኝ አክራሪው እዚያም አድጓል። ብዙው መራጭ የተራበ አይደለም። ያለውን ላጣ ነው፣ ልጄ ከእኔ ያነሰ ሊኖር ነው፣ የማውቀው ሠፈር ተለወጠብኝ የሚል ነው። የ2008 የባንኮች ቀውስ ይህን ፍርሃት አባባሰው። ባንኮቹ ሲወድቁ መንግሥት አነሳቸው፤ ተራው ሰው ግን በብዙ አገር የበጀት ቅነሳ ነው የደረሰው። ግራውና ቀኙ ዋና ዋና ፓርቲዎች ደግሞ በጥምር መንግሥት አብረው እየገዙ መልካቸው ተመሳሰለ። “ማንንም ብመርጥ ያው ነው” የሚል ሰው ሲበዛ፣ “እኔ ከነሱ አይደለሁም” የሚል ሁሉ ገበያ አለው። ኋላ የጣሊያን ጠቅላይ ሚኒስትር የሆነችው የጆርጂያ ሜሎኒ ፓርቲ በ2018 4.4 በመቶ ብቻ ነበረው። በ2021 ጣሊያን ውስጥ ትላልቆቹ ፓርቲዎች ሁሉ በአንድ መንግሥት ሲሰበሰቡ እሷ ብቻ ውጭ ቀረች። በ2022 26 በመቶ አገኘች።

ስለ ማኅበራዊ ሚዲያ ብዙ ይባላል። ቁጣን ቶሎ ያዳርሳል፣ እውነት ነው። ግን የፈረንሳዩ ቀኝ አክራሪ ዣን ማሪ ለፔን ለፕሬዚዳንትነት የመጨረሻው ዙር የደረሰው በ2002 ነው። ፌስቡክ ገና አልተፈጠረም። ስለዚህ ጥፋቱን ሁሉ ስልክ ላይ መለጠፍ ለፖለቲከኞቹ ምቹ ሰበብ ይመስለኛል።

እስካሁን የተናገርነው ሰው ለምን እንደሚመርጣቸው ነው። ለእኔ ዋናው ጥያቄ ግን እሱ አይደለም። በብዙ አገር አብዛኛው ሕዝብ አይመርጣቸውም። 20 በመቶ፣ 28 በመቶ፣ ቢበዛ ሲሶ ነው። ሲሶ ድምፅ ብቻውን ቤተ መንግሥት አያስገባም። ሁለተኛ ሰው ያስፈልጋል፤ የተከበረ፣ ክራባት ያሰረ፣ “እኔ እይዛቸዋለሁ፣ አትስጉ” የሚል ሰው።

ይህ የቆየ ታሪክ ነው፤ መጨረሻውም ደሴ ድረስ መጥቷል። ጣሊያን ውስጥ በ1921 ምርጫ ጆሊቲ የሚባሉት አንጋፋ ለዘብተኛ ጠቅላይ ሚኒስትር ሶሻሊስቶችን ለመግታት ሲሉ የሙሶሊኒን ሰዎች በራሳቸው የዕጩዎች ዝርዝር ውስጥ አስገቧቸው። ፋሺስቶቹ ከ535 መቀመጫ 35 ብቻ አገኙ። በዓመቱ፣ በኦክቶበር 1922፣ ጥቁር ሸሚዝ ለብሰው ወደ ሮም ተመሙ። መንግሥት ወታደራዊ አዋጅ አዘጋጀ። ንጉሥ ቪክቶር አማኑኤል ሦስተኛ ግን አልፈርምም አሉ። ጭራሽ ሙሶሊኒን ጠርተው መንግሥት አቋቁም አሉት። ሰውየው ሮም የገባው በባቡር ነው። በድምፅ አላሸነፈም፤ ተጋብዞ ነው።

አሥራ ሦስት ዓመት አለፈ። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን ደበደቡ። ንጉሠ ነገሥቱ የጦር ሠፈራቸውን እዚህ አድርገው ነበር። ቀይ መስቀል የተሳለበት ሆስፒታል ሳይቀር ተመታ። ጃንሆይ ራሳቸው መትረየስ ይዘው ወደ ሰማይ ሲተኩሱ የተነሱት ፎቶ የዚያን ቀን ነው። በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. ከተማዋ በጣሊያን እጅ ገባች። እንግዲህ ሮም ውስጥ ጥቂት የተከበሩ ሰዎች የሠሩት ስሌት ጦሳ ተራራ ሥር ለሚኖር ገበሬ ይህን አመጣ።

የጀርመኑም ከዚህ አይርቅም። ናዚዎች በጁላይ 1932 37.3 በመቶ አግኝተው ነበር። በኖቬምበር ወደ 33.1 ወረዱ። እየደከሙ ነበር ማለት ነው። በዚህ ሰዓት ነው ወግ አጥባቂዎቹ ፕሬዚዳንት ሂንደንቡርግን አግባብተው ሂትለርን ጃንዋሪ 30 ቀን 1933 መራሔ መንግሥት ያስደረጉት። ካቢኔው ውስጥ እሱን ጨምሮ ናዚዎቹ ሦስት ብቻ ነበሩ። ሌሎቹ ወግ አጥባቂዎች ከበነዋል ብለው አሰቡ። የነብርን ጭራ አይዙም፣ ከያዙም አይለቁም የሚለውን ተረት የሚነግራቸው ሰው አልነበረም።

የዛሬዎቹን ፓርቲዎች ናዚ ናቸው እያልኩ አይደለም። ብዙዎቹ አይደሉም፤ እንዲያ ብሎ መጮህም መራጩን ከማስቆጣት ሌላ ብዙም አልፈየደም። የማነሳው የመግቢያውን መንገድ ነው። እሱ አልተለወጠም።

ፈረንሳዮች ለረጅም ጊዜ መንገዱን ዘግተው ኖረዋል። በ2002 ለፔን ሁለተኛው ዙር ሲደርስ ግራዎቹ አፍንጫቸውን ይዘው ለቀኙ ዣክ ሺራክ ድምፃቸውን ሰጡ። ሺራክ 82 በመቶ አገኙ። ልጁ ማሪን ለፔን ፓርቲውን ከተረከበች በኋላ አባቷን በ2015 አባረረች፤ በ2018 ስሙን “ብሔራዊ ስብስብ” ብላ ለወጠች፤ ንግግሩንም አለዘበች። በ2017 34 በመቶ፣ በ2022 41.5 በመቶ ደረሰች። በ2024 የፓርላማ ምርጫ ፓርቲዋ ከነአጋሮቹ በመጀመሪያው ዙር አንደኛ ወጣ። ዓለም ሁሉ አለቀ አለ። በሳምንቱ ውስጥ ከ200 በላይ የግራና የመሐል ዕጩዎች ድምፅ እንዳይከፋፈል ራሳቸውን አገለሉ። በሁለተኛው ዙር የለፔን ፓርቲ በመቀመጫ ሦስተኛ ሆነ። መንገዱን መዝጋት ይሠራል። ግን በየዓመቱ እየሳሳ ነው፤ ሁልጊዜ “እሷ እንዳትገባ” ብሎ ብቻ መምረጥ ሰውን ያሰለቻል።

ሆላንድ ውስጥ የሆነው ተቃራኒው ነው። ቀኝ አክራሪው ኼርት ቪልደርስ ዓመታት ሙሉ ጠንካራ ግን ብቸኛ ነበር፤ ማንም አብሮት አይገዛም። በ2023 ምርጫ ሊደርስ ሲል የገዢው ለዘብተኛ ቀኝ ፓርቲ አዲስ መሪ ከቪልደርስ ጋር መሥራትን አስቀድመው እንደማይዘጉ ተናገሩ። መራጩ ይህን ሰማ። “ለሱ የምሰጠው ድምፅ ባክኖ አይቀርም” አለ። ከ17 መቀመጫ ወደ 37 ዘለለና ከ150ው መቀመጫ አንደኛ ሆነ። ጥምር መንግሥቱ ግን አንድ ዓመት እንኳ አልሞላውም፤ በጁን 2025 ቪልደርስ በጥገኝነት ፖሊሲ ተጣልቶ ወጣ። በኦክቶበር ምርጫ ወደ 26 መቀመጫ ወረደ። መግዛት ከመጮህ ይከብዳል።

ለዘብተኛ ፓርቲዎች የሚሞክሩት ሌላ ብልሃትም አለ፤ የአክራሪውን ፖሊሲ መቅዳት። ዴንማርክ ላይ የሠራ ይመስላል። ሶሻል ዴሞክራቶቹ በስደተኛ ላይ ጠነከሩ። የዴንማርክ ሕዝብ ፓርቲ የሚባለው አክራሪ በ2015 ከነበረው 21.1 በመቶ በ2019 ወደ 8.7 ወረደ። ጀርመን ላይ ግን የታየው ሌላ ነው። በጃንዋሪ 2025 ፍሪድሪሽ ሜርዝ የሚመሩት ያው የሜርክል ፓርቲ ስለ ስደተኞች ያቀረበው የውሳኔ ሐሳብ በአማራጭ ለጀርመን ድምፅ አለፈ። “ከነሱ ጋር አንተባበርም” የሚለው የቆየ ደንብ ተሸረሸረ ብሎ ሕዝብ አደባባይ ወጣ። ሜርዝ በወሩ ምርጫውን አሸነፉ፤ አክራሪው ፓርቲም ድምፁን ከ2021ዱ ምርጫ በእጥፍ አሳደገ። ዋናውን እያየ ቅጂውን የሚመርጥ ሰው ጥቂት ነው። ሜርዝ በመጨረሻ መንግሥት የመሠረቱት ከሶሻል ዴሞክራቶች ጋር ነው፤ አክራሪው ተቃዋሚ ሆኖ ቀረ።

የምርጫ ሕጉም ይወስናል። በ2024 የብሪታንያው ሪፎርም ፓርቲ 14.3 በመቶ ድምፅ አግኝቶ ከ650 መቀመጫ 5 ብቻ ነው የደረሰው። ሀንጋሪ ላይ ደግሞ ሕጉ በተገላቢጦሽ ረድቷል። ቪክቶር ኦርባን በ2010 በ53 በመቶ ገደማ ድምፅ ከፓርላማው ሁለት ሦስተኛውን ያዘ። በዚያ ቁጥር አዲስ ሕገ መንግሥት አጸደቀ፤ የምርጫ ሕጉን ቀየረ፤ ፍርድ ቤቱንና ሚዲያውን በራሱ ሰዎች ሞላ። በ2014 ድምፁ ወደ 45 በመቶ ቢወርድም ሁለት ሦስተኛው መቀመጫ አልቀረበትም። ምርጫ አልተሰረዘም። ሜዳው ነው የዘመመው። በእርግጥ ሁልጊዜ መመለሻ የለውም ማለት አይደለም፤ ፖላንድ ውስጥ ስምንት ዓመት ተመሳሳይ መንገድ የሄደው መንግሥት በ2023 74 በመቶ መራጭ በወጣበት ምርጫ ሥልጣኑን አጣ።

አሁን ወደ ቡናው ጥያቄ። ልጆቻችንን ሊያባርሩ ነው?

በአንድ ምርጫ ማግስት ማንም በጅምላ አይባረርም። የመኖሪያ ፈቃድ ያለው ሰው በሕግ ሥር ነው፤ ፍርድ ቤት አለ፤ ከላይ እንዳየነው አንደኛ የወጣ ፓርቲ እንኳ ላይገዛ ይችላል። ኦስትሪያ ውስጥ በ2024 28.8 በመቶ አግኝቶ አንደኛ የወጣው የነፃነት ፓርቲ መንግሥት መመሥረት አቅቶት ሦስት ሌሎች ፓርቲዎች ተጣምረው ገዙ። የሚጎዳው ገና ወረቀት ያላገኘው ነው፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ ገና መንገድ ላይ ያለው። አውሮፓ በሩን የሚዘጋው ድንበሩ ላይ ብቻ አይደለም። በ2023 የአውሮፓ ኅብረት ከቱኒዚያ ጋር ተስማማ፤ ከሊቢያ ጋር የሚሠራው ከዚያም ይቀድማል። በባሕር ጣሊያን የደረሱት ሰዎች በ2023 ወደ 157 ሺህ ነበሩ፤ በ2024 ወደ 66 ሺህ ወረዱ። ቁጥሩ ስለቀነሰ ሰው መሄዱን አቆመ ማለት አይደለም። በረሃው ወይም እስር ቤቱ ውስጥ የቀረ አለ።

ከጣሊያን ሌላም ወሬ አለ፤ ይህኛው ደግሞ ቲክቶክ ላይ ብዙም አይታይም። ሜሎኒ ፖለቲካ የጀመረችው የሙሶሊኒ ርዝራዦች በ1946 ባቋቋሙት ፓርቲ የወጣቶች ክንፍ ነው። እሷ ራሷን ወግ አጥባቂ እንጂ አክራሪ ብላ አትጠራም። በምርጫ ዘመቻ “መርከብ አናሳልፍም” ስትል ነበር። ሥልጣን ስትይዝ ግን ፋብሪካውም፣ እርሻውም፣ አረጋዊ የሚጦርበት ቤትም ሠራተኛ አጥቶ ጠበቃት። መንግሥቷ ከ2023 እስከ 2025 ለ452 ሺህ የውጭ ሠራተኞች ፈቃድ ለመስጠት ወሰነ። ዜጎቻቸው በዚህ መቀጠር የሚችሉ አገሮች ዝርዝር ውስጥ ኢትዮጵያም ነበረች። ማመልከቻውን የሚያስገባው ግን ጣሊያን ያለው አሠሪ ነው እንጂ፣ ፒያሳ ላይ “ቪዛው በእጄ ነው” እያለ ቅድሚያ ክፍያ የሚቀበለው ደላላ አይደለም።